ያልታወቁት ሐቀኛ ልብስ ሠሪዎችና የነጋዴው ኀላፊነት

«ያላዩት አገር አይናፍቅም» የሚለው ተረት ለንግድም ይሠራል። ያልታየ ዕቃ ገዢ የለውም፤ ገዢ የሌለው ዕቃም የቱን ያህል ቢያምር፣ የቱንም ያህል በሐቅ ቢሠራ፣ ከሠሪው ቤት ወጥቶ ገበያ ሳይደርስ ይቀራል። በልብስ ንግድ ዓለም ስማቸው የገነነ፣ ማስታወቂያቸውም በየአደባባዩ የተሰቀለ ታላላቅ ኩባንያዎች አሉ። ከእነዚህ ጎን ደግሞ ስማቸውን ብዙ ሰው የማያውቀው፣ ለሠራተኛቸው ተገቢውን ዋጋ የሚከፍሉ፣ ውሃውንና መሬቱን ሳያበላሹ ለመሥራት የሚጥሩ ትንንሽ የልብስ ቤቶች ይገኛሉ። እነዚህን ፈልጎ ማግኘትና ለገዢው ማሳየት የማን ሥራ ነው ቢባል፣ የነጋዴው ነው። በሠሪውና በለባሹ መካከል የቆመው እርሱ ነውና።

ለባሹ ስለ ልብሱ አሠራር መጠየቅ የጀመረው ያለ ምክንያት አይደለም። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ኤፕሪል 24 ቀን 2013 በባንግላዴሽ፣ ከዳካ ከተማ አጠገብ በምትገኘው ሳቫር፣ ራና ፕላዛ የተባለው ባለ ስምንት ፎቅ ሕንጻ ፈርሶ 1,134 ሰዎች ሞቱ፤ የቆሰሉትም ከሁለት ሺሕ በላይ ነበሩ። በሕንጻው ውስጥ አምስት የልብስ ፋብሪካዎች ይሠሩ ነበር። ከመፍረሱ አንድ ቀን አስቀድሞ ግድግዳው መሰንጠቁ ታይቶ፣ በታችኛው ፎቅ የነበሩት ባንክና ሱቆች ተዘግተው ሳለ፣ የልብስ ሠራተኞቹ ግን በማግስቱ ወደ ሥራቸው እንዲገቡ ታዘዙ። ከፍርስራሹ ሥር ከሬሳው ጋራ የታወቁ ኩባንያዎች ስም የተጻፈባቸው መለያ ጨርቆች ሲወጡ፣ በአውሮፓና በአሜሪካ ያለው ገዢ የለበሰውን ሸሚዝ ገልብጦ ማየት ጀመረ። «ይህን ማን ሠራው? ምን ተከፈለው?» የሚለው ጥያቄ ከዚያ ወዲህ ከገበያው አልጠፋም።

ይህ ጥያቄ የኢትዮጵያንም በር አንኳኩቷል። የሐዋሳ የኢንዱስትሪ ፓርክ በ2016 ሲመረቅ ብዙ ተስፋ ተጥሎበት ነበር። ይሁን እንጂ በ2019 የኒውዮርክ ዩኒቨርሲቲ አጥኚዎች ባወጡት ጽሑፍ ላይ፣ የጀማሪ ሠራተኛ መነሻ ደመወዝ በወር 26 ዶላር መሆኑንና ይህም በዓለም የልብስ ንግድ ውስጥ ካገኟቸው ሁሉ ዝቅተኛው መሆኑን ገለጹ። በዚህ ደመወዝ ከገጠር የመጣች ወጣት የቤት ኪራይና ምግብ ችላ መኖር ስለሚያቅታት፣ ሥራውን ገና እንደ ለመደች ጥላ የምትሄደው ብዙ ነበረች። ቀጥሎም አሜሪካ በአጎዋ ሕግ የሰጠችው ከቀረጥ ነጻ የመሸጥ መብት ከጃንዩወሪ 1 ቀን 2022 ጀምሮ ለኢትዮጵያ ተቋረጠ። ከዚያ ጥቂት ቀደም ብሎም በፓርኩ ውስጥ ከነበሩት ታላላቆች አንዱ ፋብሪካውን ዘግቶ መሄዱ ይታወሳል። ከዚህ የሚገኘው ትምህርት ግልጽ ነው። በርካሽነቱ ብቻ የሚሸጥ ዕቃ፣ ከእርሱ የረከሰ በተገኘ ቀን ወይም ቀረጥ በተጨመረበት ቀን ገዢውን ያጣል። በስሙና በአሠራሩ የሚሸጥ ዕቃ ግን ቀረጡ ቢጎዳውም እንኳ ገዢው በቀላሉ ጥሎት አይሄድም።

ለዚህ ማስረጃ የሚሆኑ ቤቶች ሩቅ አገር ሳይኬድ በአዲስ አበባ ይገኛሉ። በዘነበ ወርቅ ሰፈር ያደገችው ቤተልሔም ጥላሁን ሶልሬብልስ የተባለውን የጫማ ሥራ የጀመረችው በ1997 ዓ.ም. ገደማ ነው። መነሻዋም ማንም የሚያውቀው በረባሶ ነበር። ከአሮጌ የመኪና ጎማ የሚቆረጠው ይህ ጫማ በየገበያው ሲሸጥ የድሃ መጫሚያ ተብሎ ይናቅ ነበር፤ እርስዋ ግን የጎማውን ሶል ይዛ፣ በላዩ በእጅ የተፈተለና የተሸመነ ጥጥ ጨምራ፣ ስም ሰጥታ ለዓለም ገበያ አቀረበችው። ድርጅቱም የዓለም የፍትሐዊ ንግድ ድርጅትን ማረጋገጫ አገኘ፤ ጫማው ከኢትዮጵያ ውጭ በራሱ ስም በተከፈቱ ሱቆች እስከ መሸጥ ደረሰ። አሮጌውን ጎማና የሸማኔውን ጥጥ ከዚያ በፊት ስንት ነጋዴ በየቀኑ እያየ አልፎት ይሆን?

ሁለተኛው ሳባሃር ነው። ይህን ቤት በ2004 (እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር) ያቋቋመችው ካቲ ማርሻል የተባለች ካናዳዊት ናት። ቤቱ የሚታወቅበት ኤሪ የሚባለው ሐር ሲሆን፣ ትሉ የሚመገበው የጉሎ ቅጠል ነው። ጉሎ በኢትዮጵያ በየጓሮው የሚበቅል ተክል ስለ ሆነ፣ ገበሬው ትሉን ለማርባት ብዙ ወጪ አያስፈልገውም። በሌላው ዐይነት ሐር ትሉ ከነድጉሉ ይቀቀላል፤ በኤሪ ግን ቢራቢሮው ድጉሉን ከፍቶ ከወጣ በኋላ የቀረው እንደ ጥጥ ይፈተላል። የሚፈትሉት ሴቶች፣ የሚሸምኑት ደግሞ በባህላዊው መሥሪያ የሚሠሩ ሸማኔዎች ናቸው። ከዚህ ቤት የሚወጣው የአንገት ልብስ፣ ፎጣና የአልጋ ልብስ በውጭ አገር ሱቆች ይሸጣል።

ሦስተኛው ለምለም ይባላል። በሞዴልነቷ በዓለም የታወቀችው ሊያ ከበደ በ2007 ያቋቋመችው ነው። ምክንያቷም የአገር ባህል ልብስ ፈላጊው እያነሰ፣ ሸማኔው መሥሪያውን እየተወ ሌላ የዕለት ሥራ ሲፈልግ ማየቷ ነበር። ሸማኔው የሚያውቀውን ሽመና ሳይለቅ፣ ገዢው ደግሞ በባሕር ዳርቻና በበጋ ሊለብሰው የሚችል ልብስ እንዲሠራ አደረገች። የእጅ ሙያው የጥንቱ ነው፤ የልብሱ ቅርጽ ግን ለአዲሱ ለባሽ የተመጠነ ነው። ብዙ የአገር ልብስ ነጋዴ ሊማርበት የሚገባው ነጥብ እዚህ ላይ ነው። ነጠላውንና ጋቢውን እንደ ነበሩ ይዞ ለማያውቃቸው ሕዝብ መሸጥ አስቸጋሪ ነው፤ የሸማኔውን ጥበብ ይዞ ለባሹ ወደሚያውቀው ልብስ ማምጣት ግን ይቻላል።

በዚህ ላይ የሚነሳ ተቃውሞ አለ፤ እርሱም ዋጋው ነው። የእጅ ሥራ ይወደዳል፣ ደንበኛው አይከፍልም፣ በብዛትም አይገኝም ይባላል። ነገሩ ሐሰት አይደለም። ሆኖም ሒሳቡን ከሥር መመርመር ይገባል። አንድ ጋቢ ከመሸመኑ በፊት ጥጡ ይዳመጣል፣ በደጋን ይነደፋል፣ ባዘቶው በእንዝርት ይፈተላል፣ ድሩ ይደወራል፣ ማጉም በቀሰም ይጠቀለላል። ይህን ሁሉ የምትሠራው ሴትና መወርወሪያውን የሚወረውረው ሸማኔ የሚያገኙት ከመጨረሻው ዋጋ ብዙ ጊዜ ትንሹን ድርሻ ነው። ዋጋውን የሚያስወድደው አብዛኛውን ጊዜ በመካከል የሚቀባበለው እጅ ብዛት ነው። ሸማኔው ፈትል የሚገዛበት ገንዘብ ስለሌለው ከአራጣ አበዳሪ ይበደራል፤ ሸማውንም ገና ሳይጨርስ በርካሽ ይሸጠዋል። ነጋዴው በቀጥታ ከሸማኔዎች ማኅበር ጋራ ውል ቢዋዋልና ቀብድ ቢሰጥ፣ ለባሹ ሳይከፍል የሚቀርለት ለሠሪውም የሚጨመርለት ገንዘብ ከዚያ መካከል ይገኛል። የዓለም የፍትሐዊ ንግድ ድርጅት ደንብም የእጅ ሥራ ገዢ፣ ሠሪው በጠየቀ ጊዜ፣ ከዋጋው ቢያንስ ግማሹን ያለ ወለድ አስቀድሞ እንዲከፍል ያዛል።

ከዋጋው ይልቅ ነጋዴውን ሊያስጨንቀው የሚገባው ሌላ ነገር ነው። በእጅ የተሠራ ሁሉ በፍትሕ የተሠራ አይደለም። የአሜሪካ የሥራ ሚኒስቴር ከ2009 ጀምሮ በየጊዜው በሚያወጣው፣ በሕፃናት ወይም በግዴታ ሥራ የተመረቱ ዕቃዎች ዝርዝር ውስጥ የኢትዮጵያ የእጅ ሽመና ተመዝግቦ ይገኛል። ይህ ስም ከአየር ላይ የመጣ አይደለም። ከጋሞ ደጋ «ትማራለህ» ተብለው ወደ አዲስ አበባ የመጡ ልጆች፣ ትምህርት ቤት ሳያዩ ጉድጓዱ ውስጥ እግራቸውን ሰድደው ከንጋት እስከ ሌሊት ሲሸምኑ መኖራቸው በብዙ ጥናት የታወቀ ነው። የዶርዜና የጋሞ ሸማኔ ጥበቡን ከአባቱ ወርሶ በክብር የሚሠራ ባለ ሙያ ነው፤ ጥቂቶች በልጆች ጉልበት የሚሠሩት ሥራ ግን የእርሱንም ስም ያጎድፋል። እንግዲህ ሻጭ «በእጅ የተሠራ» ብሎ ጽፎ ማን እጅ እንደ ሠራው ካላወቀ፣ የጻፈው ቃል ለመመስገኛው ሳይሆን ለመከሰሻው ይሆናል።

ሌላው ጉዳት ማስመሰል ነው። ጥለቱ በማሽን የታተመ ወይም በፋብሪካ የተሠራ ጨርቅ ከውጭ መጥቶ ከሸማኔው ሥራ ጎን ይሰቀላል። ይህን ጨርቅ መሸጥ ነውር የለበትም፤ አቅሙ ያልፈቀደለት ሰው በዓል መዋያ ያገኝበታል። ነውሩ የፋብሪካውን ጨርቅ የሸማኔ ሥራ ነው ብሎ መሸጥ ነው። የሚለይበትም መንገድ ቀላል ነው። ጥበቡ በእጅ የተጠለፈ ወይም የተሸመነ እንደ ሆነ ክሩ በጨርቁ ጀርባ ይታያል፤ የታተመው ግን ጀርባው ደብዛዛ ወይም ባዶ ነው። በእንዝርት የተፈተለ ክር ወፈር ቀጠን ይላል፤ የፋብሪካው ልክ እኩል ነው። ከጫፉ አንድ ክር ተመዝዞ ቢቃጠል ጥጡ እንደ ወረቀት ነዶ ልም አመድ ይሆናል፤ ሰው ሠራሹ ክር ግን ቀልጦ እንደ ዶቃ ይጠጥራል።

በዐይንና በእሳት የማይለየውን ደግሞ ወረቀት ይለየዋል። ጎትስ በሚባለው የዓለም አቀፍ ደረጃ «ኦርጋኒክ» ተብሎ የሚሸጥ ጨርቅ ቢያንስ 95 በመቶው፣ «ከኦርጋኒክ ጋራ የተሠራ» የሚባለው ደግሞ ቢያንስ 70 በመቶው ያለ ኬሚካል ማዳበሪያና ያለ ተባይ መድኃኒት ከበቀለ ጭረት መሆን አለበት። አስመጪ እንዲህ ያለ ቃል በዕቃው ላይ ተጽፎ ባየ ጊዜ የማረጋገጫውን ቁጥርና የሰጪውን ድርጅት ስም መጠየቅ መብቱ ነው። የአውሮፓ ኅብረትም በ2024 ባወጣው መመሪያ «ለአካባቢ ተስማሚ» የመሰለውን ማስረጃ የሌለው ጥቅል ቃል በዕቃ ላይ መጻፍን ከልክሏል፤ ሥራ ላይ የሚውልበትም ቀን ሴፕቴምበር 27 ቀን 2026 ተብሎ ተወስኗል። ወደዚያ ገበያ የሚልክ ነጋዴ ሣጥኑን ከማሸጉ በፊት ቃሉን መመዘን ይኖርበታል።

እንግዲህ ከዚህ ሁሉ በኋላ ለእያንዳንዱ ክፍል የሚደርሰው ሥራ አለ። ላኪው ከአንድ ትልቅ ገዢ ትእዛዝ ብቻ ከመጠበቅ፣ ጥቂት ሐቀኛ ሠሪዎችን መርጦ፣ የሸማኔውን የሥራ ቦታ በዐይኑ አይቶ፣ የተከፈለውን ዋጋ በመዝገብ ይዞ፣ በውጭ አገር ላሉት ልዩ ልዩ ሱቆች ናሙና ይላክ። በአሜሪካና በአውሮፓ የሚኖረው ኢትዮጵያዊም ለሠርግና ለበዓል የአገር ልብስ ስለሚፈልግ የመጀመሪያው ደንበኛ ሊሆን ይችላል። አስመጪው ከውጭ ልብስ ሲያዝዝ ከዋጋው ዝርዝር ጋራ የፋብሪካውን ስምና አድራሻ ይጠይቅ፤ ይህን ለመግለጥ የማይፈቅድ ሻጭ የሚደብቀው ነገር እንዳለ ይቆጠራል። ባለ ሱቁ ደግሞ ከመደርደሪያው አንዲቱን ለእነዚህ ላልታወቁ ሠሪዎች ይተው፤ በዕቃውም ላይ ማን እንደ ሠራው፣ የት እንደ ተሠራ፣ ከምን እንደ ተሠራ በአጭሩ ይጻፍ። ደንበኛው በመጀመሪያው ቀን ባይገዛ እንኳ አንብቦ ይሄዳል፤ ያነበበውንም ለጎረቤቱ ይነግራል።

የንግድ ማኅበራትም ቢሆኑ የሐቀኛ ሠሪዎችን መዝገብ አዘጋጅተው ለአባላቸው ቢያድሉ ትልቅ አገልግሎት ይሆናል። አንድ ነጋዴ ብቻውን ሁሉንም ሸማኔ ሊጎበኝ አይችልም፤ አሥር ነጋዴዎች ግን የየበኩላቸውን ጎብኝተው ያገኙትን ቢለዋወጡ በአንድ ዓመት ብዙ ይታወቃል። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር የተባለው ከሸማኔው ቤት የወጣ ተረት ነውና፣ የሸማኔውን ዕቃ የሚሸጡት ቢሠሩበት ያምርባቸዋል።

ሸማ ይነትባል፣ ፋሽንም ያልፋል። ነጋዴው በሐቅ ገዝቶ በሐቅ የሸጠ እንደ ሆነ የሚተርፈው ስሙ ነው፤ ስም ደግሞ ከመቃብር በላይ ይውላል።