ኪራይ ቤትም ወለል አለው

በእኛ ዕድሜ ያለ የአዲስ አበባ ተከራይ ሁሉ በቃሉ የሸመደዳት አንዲት መልስ አለች፦ «ኪራይ ቤት ነው እኮ!» ግድግዳው ለምን አልተቀባም? ኪራይ ቤት ነው እኮ። መጋረጃው ለምን በሁለት ሚስማር ተንጠለጠለ? ኪራይ ቤት ነው እኮ። ጠዋት ከአልጋ ሲወርዱ እግር የሚያደርቀው ሲሚንቶስ? መልሱ ያው ነው። የራሳችን ቤት ሲኖረን ይነጠፋል። ያ ቀን በኮንዶሚኒየም ዕጣ ይምጣ በሌላ ተአምር ግን የሚያውቅ የለም።

እኛ የምንለው አጭር ነው። ተከራይም ወለሉን ያልብስ፤ በራሱ እጅ ያልብስ፤ ሲወጣ ደግሞ ጠቅልሎ ይዞት ይውጣ።

«የሰው ወርቅ አያደምቅ» የሚሉን ወዳጆች አሉ። በሰው ቤት ላይ ሴራሚክ ማስነጠፍን ከሆነ የሚቃወሙት፣ አብረናቸው ነን። ምንጣፍ ግን ሌላ ነገር ነው። ስሙ ራሱ ከማንጠፍ የመጣ ነው፤ የተነጠፈ ደግሞ ይነሳል። ሰሌኑም፣ አጎዛውም፣ ጀንዲውም ተጠቅልሎ ከሰው ጋር የሚሄድ ንብረት ነበር። ምንጣፍን የአከራይ ንብረት የሚያደርገው ማስቲሽ ነው። ወለሉ ሙሉ በማስቲሽ ከተለጠፈ፣ በምትወጡበት ቀን ጀርባው ተቦጫጭቆ ይቀራል፤ ለወለሉ ጠባሳ ደግሞ አከራዩ ይጠይቃችኋል። በተዘጋ ክፍል ውስጥ የሚያስከትለው ሽታና ራስ ምታት ሳይቆጠር ነው እንግዲህ።

«አንጣፊ መጥራት አለብን» የሚለው ሁለተኛው ሰበብ ነው። ለሆቴል አዳራሽ ልክ ነው። ለአንድ ክፍል ግን ሜትር፣ ስለታም ካተር፣ ቀጥ ያለ ጣውላና በሁለት በኩል የሚለጠፍ ፕላስተር ካለ በቂ ነው። ከባዱ ሥራ መቁረጡ ሳይሆን ከመግዛት በፊት ያለው ሂሳብ ነው።

ክፍላችሁ 3 ሜትር በ3.80 ነው እንበል። ባለ 2 ሜትር ወርድ ጥቅል ልትገዙ ነው። በረጅሙ በኩል ካነጠፋችሁ ለማስተካከያ 10 ሳንቲ ሜትር ተጨምሮ ሁለት ባለ 3.90 ቁራጭ፣ በድምሩ 7.80 ሜትር ያስፈልጋችኋል። በአጭሩ በኩል ካነጠፋችሁ ሁለት ባለ 3.10 ቁራጭ፣ ማለትም 6.20 ሜትር ይበቃችኋል። ክፍሉ ያው፣ ምንጣፉ ያው፤ ልዩነቱ ከ3 ካሬ ሜትር በላይ ነው። ይህን ሂሳብ መርካቶ ሱቅ በር ላይ ቆሞ መሥራት አይቻልም፤ ቤት ውስጥ፣ በወረቀት ላይ ነው። ደግሞም አንድ ቦታ ለክታችሁ አትመኑ። ግድግዳዎቻችን ቀጥ ያሉ ስለማይሆኑ ሁለቱንም ጫፍና መሃሉን ለክታችሁ ትልቁን ቁጥር ያዙ። የበሩን ገባ ያለ ቦታም አትርሱ።

ሰርቪስ ቤት ወይም ምድር ላይ ያለ ክፍል የምትኖሩ ደግሞ እርጥበቱን ፈትሹ። አንድ ሜትር የሚያህል ላስቲክ ወለሉ ላይ ዘርግታችሁ ጠርዙን ዙሪያውን በፕላስተር አሽጉና ቢያንስ አንድ ቀን አቆዩት። ሲነሳ ከሥሩ ጤዛ ከያዘ ወይም ሲሚንቶው ከጠቆረ፣ ከላዩ የሚነጠፈው ሁሉ ይሻግታልና ገንዘባችሁን አታውጡ። በተለይ በክረምት ይህን ሳይፈትሹ መግዛት ገንዘብን ጎርፍ ላይ መጣል ነው።

የቀረው ትዕግሥት ብቻ ነው። ወለሉን በደንብ ጠርጉ፤ ጉድጓድ ካለ በሲሚንቶ ድፈኑና ይድረቅ። ጥቅሉን ክፍሉ ውስጥ ዘርግታችሁ አሳድሩት፤ የመጠቅለል ጠባዩን ይተዋል። የሁለቱም ቁራጭ ፀጉር ወደ አንድ አቅጣጫ መተኛት አለበት፤ አለበለዚያ አንዱ የነጣ ሌላው የጠቆረ ይመስላል። ከመሃል ወደ ዳር እየገፋችሁ አስተካክሉ። ትርፉን ግድግዳው ሥር አጥፋችሁ ጣውላውን አስደግፉና በካተር ትንሽ ትንሽ ቁረጡ። የተቆረጠ አይመለስምና አስቀርቶ መቁረጥ ይሻላል። ፕላስተሩን ዙሪያውንና መጋጠሚያው ሥር ብቻ አድርጉ። በሩ ከከበደ የታችኛውን ጫፍ አናጢ ይላግላችሁ፤ አከራዩን ካስፈቀዳችሁ በኋላ ግን!

ቡና ለሚፈላበት ቤት አንድ ቃል እንጨምር። ከሰል የወደቀበት ሰው ሠራሽ ምንጣፍ ይቀልጣል። ምድጃው የሚቀመጥበትን ጥግ ሳታነጥፉ ተዉት፤ ቄጠማውም እዚያው ይጎዝጎዝ።

«ነገ ውጡ ብንባልስ?» ይህ ጥያቄ ከሁሉም ይከብዳል፤ «ኪራይ ቤት ነው እኮ» የምንለውም በእሱ ምክንያት ነው። በ2016 ዓ.ም. የወጣው የመኖሪያ ቤት ኪራይ ቁጥጥርና አስተዳደር አዋጅ (ቁጥር 1320/2016) የኪራይ ውል ከሁለት ዓመት እንዳያንስ፣ ቅድሚያ ክፍያም ከሁለት ወር ኪራይ እንዳይበልጥ ደንግጓል። ወረቀት ላይ ያለው ሁሉ እያንዳንዱ ግቢ ይደርሳል ብለን የዋህ አንሆንም። አከራይ ፊት ቆሞ አዋጅ መጥቀስ የሚያስከትለውን ፊትም እናውቀዋለን። ቢሆንም ውላችሁን በጽሑፍ አድርጉ፣ አስመዝግቡ፣ «ምንጣፉ የተከራይ ነው» የምትል አንዲት መስመርም አስገቡበት።

ሁለት ዓመት ማለት ከ700 በላይ ጠዋት ነው። የራሳችን ቤት እስኪመጣ ያን ሁሉ ጠዋት በቀዝቃዛ ሲሚንቶ ላይ መቆም ቁጠባ አይመስለንም። የምንከፍለው ኪራይ የዛሬ ነው፤ ኑሮውም የዛሬ ይሁን። ቤቱ የሰው ቢሆንም እግሩ የራሳችን ነው።