ስበትን የሚሽር ጫማ ስንት ያወጣል?

በፈጠራ ዓለም ውስጥ ደራሲው ንጉሥ ነው፤ ተራራውን ደመና ላይ ቢያቆመው፣ ወንዙን ሽቅብ ቢያፈሰው ከልካይ የለውም። ለጀግናውም ከመሬት ስበት የሚያላቅቅ አስማተኛ ጫማ ማጥለቅ ይችላል። ይህ ሥልጣን ግን ብዙ ደራሲዎችንና የቪዲዮ ጌም ሠሪዎችን ያሳስታል። ጫማው ያበራል፣ ግድግዳ ያስወጣል፣ ጣሪያ ላይ ያስኬዳል፤ ከባለቤቱ ግን ምንም አይጠይቅም። እኔ እንደማስበው ተረቱን በእግሩ የሚያቆመው ጫማው የሚሰጠው ከፍታ ሳይሆን የሚያስከፍለው ዋጋ ነው። የጥንቶቹ ተረት ነጋሪዎች ይህን አይስቱም ነበር። ፈረንሳዊው ሻርል ፔሮ እ.ኤ.አ. በ1697 ካሳተማቸው ተረቶች በአንዱ፣ ሰው የሚበላ ጭራቅ በአንድ እርምጃ ሰባት ሊግ የሚያስኬድ ቦት ጫማ አለው። ሊግ እንደየአገሩ ቢለያይም አራት ኪሎ ሜትር ገደማ የሚሆን የድሮ መለኪያ ነው። ጭራቁ ከተራራ ተራራ እየተረማመደ፣ ወንዙን እንደ ቦይ እየተሻገረ ያመለጡትን ልጆች ያሳድዳል። ፔሮ ታዲያ ይህ ጫማ ባለቤቱን ክፉኛ እንደሚያደክም ጣል አድርጎ ያልፋል። ጭራቁም ደክሞት፣ ልጆቹ ሥሩ በተሸሸጉበት ዓለት ላይ አረፍ እንዳለ እንቅልፍ ይጥለዋል፤ ትንሹ ልጅ ጫማውን ከእግሩ የሚያወልቀው ያኔ ነው። ያችን የድካም ነገር ብናወጣት ልጆቹ ተበልተው ተረቱ እዚያው ያልቃል።

ነገሩ የተራኪ ብልሃት ብቻ አይደለም፣ የእግርም ጉዳይ ነው። ስንራመድ እግራችን መሬትን ወደ ኋላ ይገፋል፤ መሬትም መልሶ ወደ ፊት ይገፋናል። ይህ የሚሆነው በሶሉና በመሬቱ መካከል ሰበቃ ስላለ ነው፤ ሰበቃው ደግሞ ያለ ክብደታችን አይኖርም። ስለዚህ ስበትን ጨርሶ የሚሽር ጫማ ያደረገ ሰው መራመድ አይችልም፤ ይንሳፈፋል፣ ያውም ወዳልፈለገበት። የሚያነሳው ኃይል ከእግር ሥር ብቻ ቢመጣም ሌላ ጣጣ አለ። የሰውነታችን የክብደት ማዕከል እምብርት አካባቢ ስለሆነ፣ ባለጫማው ትንሽ ዘንበል ካለ ተገልብጦ እግሩ ወደ ሰማይ ይቀራል። ክብደት አልባ ሆነው የኖሩ ሰዎች ስላሉ ይህ መላምት ብቻ አይደለም። አሜሪካ በ1973 ወደ ህዋ ባመጠቀችው ስካይላብ ጣቢያ፣ የጠፈርተኞቹ ጫማ ሶል ላይ ሦስት ማዕዘን ጉጥ ተገጥሞ ነበር። ወለሉ በሦስት ማዕዘን ቀዳዳዎች የተሞላ ፍርግርግ በመሆኑ ጉጡን ቀዳዳው ውስጥ ከትተው እግራቸውን ጠምዘዝ ሲያደርጉ ይቆለፋል፤ እንዲህ ተቆልፈው ነው ቆመው የሚሠሩት። ከክብደት የተላቀቁት ሰዎች ያስፈለጋቸው የሚያበር ጫማ ሳይሆን ወለል ላይ የሚያስር ጫማ ነበር።

ይህን የዋጋ ነገር በደንብ ከተረዱት መካከል ብዙዎች ለቁም ነገር የማይቆጥሩት የጌም ዓለም ይገኝበታል። ኒንቴንዶ በ1998 ባወጣው «ኦካሪና ኦፍ ታይም» በተባለው የዜልዳ ጨዋታ ጀግናው ሊንክ ተንሳፋፊ ቦት ጫማ ያገኛል። ጫማው ገደል ላይ ያስኬዳል፣ ግን ለአፍታ ብቻ። በጠንካራ መሬት ላይ ደግሞ መቆንጠጫ ስለሌለው ያንሸራትታል፤ ሊንክ ቁም ሲባል እንኳ ቶሎ አይቆምም። ሌላው የብረት ቦት በተቃራኒው ሐይቅ ውስጥ አስምጦ ታችኛው ወለል ላይ ያስኬደዋል። በጨዋታው የውሃ ቤተ መቅደስ ውስጥ ጫማ ማውለቅና ማጥለቁ ያማረራቸው ተጫዋቾች ብዙ ናቸው፤ በ2011 በወጣው አዲስ እትም መቀያየሩ ቀለል እንዲል ተደርጓል። ምሬቱ ተገቢ ነበር፤ ጫማዎቹ ባህርያቸውን አለመልቀቃቸው ግን የሠሪዎቹን ብስለት ያሳያል።

«አስማት ላይ ሕግ ከጫናችሁ አስማትነቱ የት አለ? ፊዚክስ ያማረው መማሪያ መጽሐፉን ይክፈት» የሚል ይኖራል። መልሱን ደራሲው ቶልኪን በ1947 ለኅትመት በበቃው ስለ ተረት በጻፈው ድርሰቱ ሰጥቶታል። ሐሳቡ በአጭሩ፣ «አረንጓዴ ፀሐይ» ማለት ለማንም ቀላል ነው፤ ያቺ ፀሐይ የምትታመንበትን ዓለም መገንባት ግን ልፋት ይጠይቃል የሚል ነው። የፈጠራው ዓለም ሕግ የእኛው መሆን የለበትም፤ ሕግ ግን ሊኖረው ይገባል። ልጆችም ቢሆኑ ከአዋቂው በላይ ሕግ ፈላጊዎች ናቸው። የ«ፒተር ፓን» ደራሲ ጄምስ ባሪ፣ ተውኔቱ በ1904 መድረክ ላይ ከወጣ በኋላ ያዩትን በረራ በራሳቸው አልጋ ላይ የሞከሩ ልጆች እየተጎዱ በመምጣታቸው፣ በወላጆች ጥያቄ «የተረት ዱቄት ካልተነሰነሰበት ማንም አይበርም» የሚል ነገር እንደጨመረበት ጽፏል። ልጆቹ ተረቱን በቃሉ ይዘውታል፤ ደራሲውም ሕጉን ማስተካከል ግድ ሆኖበታል።

ጠንከር ያለው ተቃውሞ ከግሪኮች ይመጣል። ሄርሜስ ክንፍ ባለው ነጠላ ጫማው ያለ ድካምና ያለ ዕዳ ይበራል፣ ተረቱም ሺህ ዓመታትን ተሻግሯል። እውነት ነው፤ ሄርሜስ ግን አምላክ ነው፣ አምላክ ሲበር ማንም አይደነቅም። ክንፋሙ ጫማ የሟች ሰው እግር ውስጥ ሲገባ ነገሩ ይለወጣል። ጀግናው ፐርሴዎስ ጭራቋን ሜዱሳን ለመግደል ጫማውን የሚያገኘው በውሰት ነው፤ ሥራው ሲያልቅ ይመልሰዋል።

በዚህ ረገድ ከሁሉ ይበልጥ የሚከነክነኝ ግን የኦዝ ጉዳይ ነው። ፍራንክ ባውም በ1900 ባሳተመው መጽሐፍ ዶሮቲ የተባለችው ልጅ የብር ጫማዋን አድርጋ ኦዝ የምትባለውን አገር ታቋርጣለች፤ በሦስት እርምጃ የትም ሊያደርሳት እንደሚችል የምታውቀው መጨረሻ ላይ ነው። ተረከዟን ሦስቴ አጋጭታ በአየር ላይ እየተሽከረከረች አገሯ ካንሳስ ትደርሳለች። ስትነሳ ግን በካልሲ ብቻ ናት፤ ጫማው በበረራዋ መካከል በረሃ ላይ ወድቆ ለዘለዓለም ጠፍቷል። የ1939ኙ ፊልም ጫማውን ቀይ በማድረጉ እስከ ዛሬ ይወራለታል። ፊልሙ ላይ ዶሮቲ አልጋዋ ላይ ትነቃለች፣ ጉዞውም ሕልም ሆኖ ይቀራል፤ በረሃው ላይ የወደቀ ጫማ የለም። ቀለሙ ቢቀየር ግድ አልነበረኝም፤ የፊልሙ ሠሪዎች ዋጋውን መሰረዛቸው ነው የማይዋጥልኝ።