የጨው መልስ



በወገል ጤና የገበያ ቀን አንድ ጎረቤታችን እናቱን ተከትሎ ይወጣል። ዕድሜው ከሠላሳ አልፏል። ዘንቢሉን የሚሸከመው እርሱ ነው፤ ምስሩን መርጦ፣ ዋጋ ጠይቆ፣ ገንዘብ ከፍሎ ግን አያውቅም። ሰላምታ የሚያቀርብ ሰው እንኳ «ልጁ ደህና ነው?» ብሎ የሚጠይቀው እናቱን ነው። እኛም ብዙ ዓመት እንዲሁ ስንጠይቅ ኖረናል።

ጎረቤታችን ዳውን ሲንድረም አለበት። እርግማን አይደለም፤ ዓይነ ጥላም አይደለም። በ1959 እ.ኤ.አ. ፈረንሳዊው ዤሮም ለዠን ከባልደረቦቹ ጋር እንዳስታወቀው፣ 21ኛው ክሮሞዞም በሁለት ፈንታ ሦስት ሲሆን የሚከሰት ነው። በበለጸጉት አገሮች በ1980ዎቹ መጀመሪያ አማካይ ዕድሜያቸው 25 ገደማ ነበር፤ ዛሬ 60 ደርሷል። እንግዲህ ብዙዎቹ እናታቸውን ቀብረው ይኖራሉ ማለት ነው። ያን ጊዜ ጨው ማን ይገዛላቸዋል?

ይህንን ለእናቱ ስናነሳ «ገንዘብ ብሰጠው ያታልሉታል» አሉን። እውነት አላቸው፤ አታላይ አይጠፋም። አንድ ሽማግሌም የሱረቱ አን-ኒሳእን ቁጥር 5 ጠቀሱልን፤ ገንዘብን ለማያስተዳድሩት አትስጡ የሚለውን። ነገር ግን አንቀጹ በዚያ አያበቃም፤ አብሏቸው፣ አልብሷቸው፣ መልካም ንግግርም ተናገሯቸው ይላል። የሚቀጥለው አንቀጽ ደግሞ የቲሞች ገንዘባቸው ከመሰጠቱ በፊት ይፈተኑ ይላል። በመድረሳ ሚንሃጅን የቀራ እንደሚያስታውሰው፣ የነጋዴ ልጅ በመሸጥና በመግዛት፣ የገበሬ ልጅ በእርሻ ይሞከራል። ሳይሞከር አይችልም የተባለ ሰው ታዲያ በምን ተፈረደበት?

በአዲስ አበባ እንደ ዲቦራ ፋውንዴሽን ያሉ በዚህ ላይ የሚሠሩ ድርጅቶች አሉ። አዲስ አበባ ግን ከኛ ሩቅ ነው። ስለዚህ በቅርባችን ባለው ሱቅ ጀመርን። አንድ ባለሱቅ፣ አንድ ዕቃ፣ አንድ መንገድ፤ በየቀኑ ያው። እንዲህ ያለ ሰው ከንግግር ይልቅ በዓይኑ አይቶ፣ ደጋግሞ ሲሠራ ይማራልና የጨዉን ባዶ ከረጢት ለናሙና አስያዝነው።

በመጀመሪያው ቀን ስኳር ይዞ መጣ። (ባለሱቁም ወሬ ላይ ነበር።) እናቱ «አላልኳችሁም?» አሉን። በሳምንቱ ጨው መጣ። እናቱ ግን አሁንም በር ላይ ቆመው ይጠብቁታል።

ባለፈው ጁምዓ መልሱን ሲያስረክብ አሥር ብር ጎደለ። እናቱ ደነገጡ፤ ተታለለ ብለው ወደ ሱቁ ሊሄዱ ነጠላቸውን አነሱ። እርሱ ኪሱን መታ መታ አድርጎ «ለሻይ» አላቸው።