ማሪቱን ማወደስ ወጪ የለውም

ከደሴ ወደ ወልድያ የሚጓዝ ሚኒባስ ሐይቅ ከተማን አልፎ ወደ ውጫሌ ሲያቀና ሾፌሩ የማሪቱ ለገሰን አምባሰል ቢከፍት ማንም አይደነቅም። ቅኝቱ ስሙን የሚጋራው እዚያው በመስኮት ከሚታየው የአምባሰል ምድር ጋር ነው። አንዱ ተሳፋሪ "ወሎ እኮ!" ይላል፣ ሌላው ራሱን ይነቀንቃል። ከዚያ ወዲያ ጠያቂ የለም። ይህ ዘፈን መቼ ተቀዳ? ማሲንቆውን ማን መታው? ክራሩንስ ማን ደረደረው?

ማሪቱን "የአምባሰል ንግሥት" የሚላት ብዙ ነው። ትዝታን፣ ባቲንና አምባሰልን በዚያ በሚንቀጠቀጥ ድምጿ ስትጫወት ያደገ ትውልድ አለ። ለብዙ ዓመታት አሜሪካ ኖራ አገሯ ስትመለስም ፍቅሩ አልቀዘቀዘም። ፍቅሩ ይሁን፤ ግን ንግሥት ያላት ሁሉ ካሴቶቿን በዓመተ ምሕረት ቅደም ተከተል ይቁጠርና እንስማው።

የተለመደው መልስ "ዘፈኑ የሕዝብ ነው" የሚል ነው። ግማሹ እውነት ነው። አምባሰል ከአራቱ ዋና ዋና ቅኝቶች አንዱ ስለሆነ ባለቤት የለውም፤ ማንም ሊጫወተው ይችላል። ሆኖም አንድ ቀን አንድ ክፍል ውስጥ ማይክሮፎን ፊት የወጣው ድምፅ የአንዲት ሴት ነው፣ ከጎኗ የተቀመጠው ማሲንቆ መቺም ስም አለው። "የሕዝብ ነው" የሚለው ቃል ብዙ ጊዜ የሚወጣው ደግሞ ዘፈኑን ዩቲዩብ ላይ ጭኖ ከሚሸቅጠው ሰው አፍ ነው።

አስገራሚው ነገር፣ ይህ የሚሆነው መመዝገብን ቀድሞ ባወቀ አገር ነው። ሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም የሚገኘው የአቡነ ኢየሱስ ሞዓ ወንጌል የ13ኛው ክፍለ ዘመን መጽሐፍ ነው። አቡኑ ለገዳሙ የሰጧቸው መጻሕፍት ዝርዝር እዚያው ብራና ላይ ሰፍሯል። መነኮሳቱ ከ700 ዓመት በፊት ማን ምን እንደሰጠ ጽፈው አስቀመጡ። በካሴት ዘመን ግን የዘፋኙ ፎቶ በትልቁ ታትሞ የአጃቢው ስም የሚቀርበት ሽፋን ስንት ነው!

ሥራውን ባዕድ ሲሠራው ደግሞ ማጨብጨብ ይወደዳል። ባለ ክራሯን አስናቀች ወርቁን የኢትዮጵያ ወዳጅ ለሆነው ዓለም ያስተዋወቀው የፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ "ኢትዮፒክስ" 16ኛ ቅጽ ነው። ስዊድኖች ለአባ ቡድን እ.ኤ.አ. በ2013 ስቶክሆልም ላይ ሙዚየም ከፈቱ፤ እሱ የገንዘብ ጉዳይ ነው ይባል። ነገር ግን የገጠሩን ዘፈን የሚያሰባስብ መዝገብ ቤት ያቋቋሙት እ.ኤ.አ. በ1951፣ አባ የሚባል ነገር ሳይታሰብ ነው።

እዚህ ላይ ጉዳዩ ከናፍቆት ያልፋል። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለከዋኞችም መብት ሰጥቷል፤ ማሻሻያው ቁጥር 872/2007 ደግሞ የሮያልቲ አሰባሰብ መንገድ ከፍቷል። ሮያልቲ ግን ለስም የሚከፈል ነገር ነው። ስሙ ያልተጻፈ ማሲንቆ መቺ፣ ልጆቹ ምን ይዘው ይጠይቁ? ሞቶ ከሆነ ምስክሮቹ አብረውት የተጫወቱት ናቸው፤ እነሱም አርጅተዋል።

ስለዚህ ለማሪቱ ሌላ ካባ ከመደረቡ በፊት አንድ ሰው መቅረጫ ይዞ ፊቷ ይቀመጥ። ካሴቶቹን አንድ በአንድ ያጫውትላት፣ እሷም ይህን የመታው እገሌ ነው፣ ይህ የተቀዳው እዚህ ቤት ነው ትበል። ደሴ ላይ ወሎ ዩኒቨርሲቲ አለ፣ ተማሪ አለው። ከሐይቅ እስከ ውጫሌ ባሉ ቤቶች ሣጥን ውስጥ የቀሩ ካሴቶችም ይሰብሰቡ። ቴፑ እየሻገተ ነው፤ የቤት ጽዳት ሲመጣ መጀመሪያ የሚጣለውም እሱ ነው።