ጅብ ከሄደ የሚጮህ ሰላም አስከባሪ

«ሳይቃጠል በቅጠል» ይላል የእኛ ሰው። የዓለም ዲፕሎማቶች ግን ቤቱ ነዶ አመድ ከሆነ በኋላ ባልዲ ይዘው ከተፍ ይላሉ። የሰሜን ጎንደር ደገኛ ይህን ከማንም በላይ ያውቀዋል፤ ከፍሎበታልና።

በጥቅምት 2013 ትግራይ ውስጥ የተነሳው ጦርነት ዓመት ሳይሞላው ተከዜን ተሻግሮ በአዲአርቃይ በኩል ወደ ደባርቅና ዳባት ተጠጋ። በነሐሴ 2013 መጨረሻ ጭና ላይ ከ100 በላይ ሲቪሎች መገደላቸውን የአካባቢው ባለሥልጣናት ተናገሩ። ደባርቅ በተፈናቃይ ተጥለቀለቀች። ለመሆኑ ያን ጊዜ ሊማሊሞ ላይ አንድ ሰማያዊ ቆብ ያየ አለ? የለም!

ጥቅምት 23 ቀን 2015 ፕሪቶሪያ ላይ ተፈረመ። በታኅሣሥ የአፍሪካ ኅብረት የክትትል ቡድን መቀሌ ገባ። ደግ ነው፤ እሰየው ብለናል። ነገር ግን የተላከው በሁለቱ ፈራሚዎች መካከል ያለውን እንዲያይ ብቻ ነበር። ሻዕቢያ አልፈረመም፤ የአማራ ኃይሎችም አልፈረሙም። ወራት ሳይቆይ «ልዩ ኃይል ይፍረስ» ተባለና አማራ ክልል ታመሰ። ሐምሌ 28 ቀን 2015 አስቸኳይ ጊዜ ታወጀ፤ በነሐሴ ጎንደር ከተማ ውስጥ ጥይት ተንጣጣ። እሳቱ ጠባቂ ወደሌለበት በኩል ዞረ ማለት ነው።

የእኛ ሽማግሌዎች እንኳ ይህን ስህተት አይሠሩም። ደም ሲፈስ ገዳይና ሟች ቤት ብቻ ሄደው አይመለሱም። ካህኑ መስቀሉን ይዞ በመሃል ይገባል፤ ብድር ይመልሳል የተባለው ወንድም፣ አጎት፣ አማች ሁሉ ተጠርቶ ይያዛል። ደም የሚደርቀው እንዲያ ነው።

በፈረንጅም አገር ቢሆን ቀድሞ መግባት ሠርቶ ታይቷል። ቦስኒያ ስትነድ የተባበሩት መንግሥታት እ.ኤ.አ. በ1993 መጀመሪያ ጥይት ወዳልተተኮሰባት መቄዶንያ ጦር አስገባ። አንድ ሺህ ገደማ ሰው ነበር። እስከ 1999 ሲቆይ እሳቱ ድንበሩን አልዘለለም። በወጣ በሁለት ዓመቱ ግን እዚያም ግጭት ተነሳ።

እኛም ዘንድ ተሞክሯል። ከባድመ ጦርነት በኋላ እስከ 4,200 ወታደር የተፈቀደለት የተመድ ተልዕኮ በ25 ኪሎ ሜትር ቀጣና ቆሞ ሁለቱን ጦር አራርቋል። እስከ ሐምሌ 2000 ጦርነቱ አላገረሸም። ታዲያ ምን ሆነ? አዲስ አበባ የድንበር ኮሚሽኑን የ1994 ውሳኔ እያንገራገረች፣ አስመራ ደግሞ ሄሊኮፕተሩንም ነዳጁንም እየከለከለች አባረሩት። ሰላም አስከባሪ የሚገዛው ጊዜ ነው። ጊዜውን ፖለቲከኛ ካባከነው ጥፋቱ የወታደሩ አይደለም።

አሁን «ታዛቢ ይምጣ» ሲባል «ሉዓላዊነት!» የሚል ጩኸት ይሰማል። እንዴ! የባድመን ታዛቢ የተቀበለው፣ መቀሌ ላይ የአፍሪካ ኅብረትን ያስተናገደው ይኸው የኢትዮጵያ መንግሥት አይደለም? በ2003 አብዬ ላይ ሱዳኖችን ለመገላገል እስከ 4,200 ወታደር ሲፈቀድ ጦሩን ያዋጣነው እኛ ነበርን። ለጎረቤት የሚበጅ ገላጋይ ለጎንደር ገበሬ ሲሆን እንዴት ነውር ይሆናል?

እኔ ታንክ ይግባ አልልም። የምለው ይህ ነው። ተኩስ ይቁም። ያልታጠቀ፣ ግን ያየውን ሳይፈራ የሚናገር ታዛቢ ደባርቅም፣ ጎንደርም፣ መተማም ይቀመጥ። መንግሥትም ፋኖም መንገድ ይክፈቱለት። ድርድሩ ላይ ጠመንጃ ያነገተ ሁሉ፣ ያላነገተውም ገበሬ ጭምር ይወከል። በፊርማ ወረቀቱ ላይ ስሙ የሌለ ሕዝብ ለሌላ ጊዜ የሚቆይ ማገዶ ነው።

ኅብረቱም ቢሆን ዋና መሥሪያ ቤቱ አዲስ አበባ ነው። ጎንደር ሩቅ ነው ብሎ ማመካኘት አይችልም።