13 ማሊያ ያለበሰው ማን ነው?

በኤንቢኤ ታሪክ ለብዙ ክለቦች በመጫወት ኢሽ ስሚዝን የሚስተካከል የለም፤ ለ13 ክለቦች ተሰልፏል። እ.ኤ.አ. በ2022 ዴንቨር ሲገባ ለ12 ክለቦች የተጫወቱትን ቸኪ ብራውንን፣ ጂም ጃክሰንን፣ ቶኒ ማሰንበርግንና ጆ ስሚዝን በለጠ። ስለ እንዲህ ዓይነት ተጫዋች ሲወራ ማሊያዎቹ ይቆጠራሉ፣ «አንድ ቦታ የማይረጋ» ይባላል፣ ከአንድ ክለብ ሳይወጡ ያረጁ ኮከቦች ደግሞ የታማኝነት ምሳሌ ሆነው ፊቱ ይደቀናሉ። ይህን አነጋገር አጥብቄ እቃወመዋለሁ። አሳልፎ የሰጠውን ክለብ ትቶ፣ ተላልፎ የተሰጠውን ሰው የሚጠይቅ ፍርድ ነውና።

የሰውየውን መንገድ እንከተል። ስሚዝ በ2010 ከዌክ ፎረስት ዩኒቨርሲቲ ሲወጣ፣ ክለቦች አዳዲስ ተጫዋቾችን በየተራ በሚመርጡበት ድራፍት የመረጠው አልነበረም። ሂውስተን አስፈረመው፤ የመጀመሪያ የውድድር ዓመቱን እንኳ ሳይጨርስ በ2011 ከሼን ባቲየር ጋር ወደ ሜምፊስ ተላከ። በ2013 ከጄጄ ሬዲክ ጋር ከኦርላንዶ ወደ ሚልዋኪ ሄደ። በ2022 ደግሞ ከኬንታቪየስ ካልድዌል-ፖፕ ጋር ከዋሽንግተን ወደ ዴንቨር። ዜናው የባቲየር፣ የሬዲክ፣ የካልድዌል-ፖፕ ነበር፤ የእሱ ስም ከኋላ የምትከተል ጭማሪ ነበረች።

የእንግሊዝን ሊግ ሲከታተል ያደገ የእኛ አገር አንባቢ ይህን ላያምን ይችላል። በእግር ኳሱ ሁለት ክለቦች በዋጋ ቢስማሙ እንኳ ተጫዋቹ «አልሄድም» ካለ ዝውውሩ ይፈርሳል። በኤንቢኤ ግን ክለቡ ተጫዋቹን ከነውሉ ለሌላ ያስረክባል፤ ከጥቂቶች በቀር ፈቃዱን የሚጠይቀው የለም። ሐሪሰን ባርነስ በ2019 ከዳላስ ወደ ሳክራሜንቶ መዛወሩ የተሰማው ጨዋታ ላይ እያለ ነው። በዚያ ላይ ከደመወዝ ጣሪያ በላይ የሚያወጡ ክለቦች ሲለዋወጡ የሚሰጡትና የሚቀበሉት ደመወዝ መቀራረብ አለበት። በ2008 ጄሰን ኪድ ወደ ዳላስ ሲመለስ፣ ከ2006 ጀምሮ ሜዳ ያልረገጠው ኪዝ ቫን ሆርን ሒሳቡን ለማሟላት ሲባል ብቻ ውል ፈርሞ ወደ ኒው ጀርሲ ተላከ። ከዝውውሩ በኋላ ለኒው ጀርሲ አንድም ጨዋታ አላደረገም። ሰው የሒሳብ ማስተካከያ በሚሆንበት ሥርዓት ውስጥ ስለ ተጫዋቾች ታማኝነት ማውራት ምን ትርጉም አለው?

ከሁሉ የሚያንገበግበኝ ግን አንድ አንቀጽ ነው። ተጫዋች «ያለ ፈቃዴ አታዛውሩኝ» የሚል መብት በውሉ ለማስጻፍ በሊጉ ቢያንስ 8 ዓመት ማገልገል አለበት፤ ከዚያ ውስጥ 4ቱ ውሉን ከሚፈርምለት ክለብ ጋር መሆን ይኖርባቸዋል። ደግማችሁ አንብቡት። ከመዛወር የሚጠብቀው መብት የሚሰጠው ላልተዛወረ ሰው ነው! ስሚዝ 8 ዓመቱን ሞልቶ አልፎታል፤ 4ቱን ግን አንድም ቦታ ሊሞላ አልቻለም፤ ወደ አዲስ ክለብ ባዛወሩት ቁጥር ቆጠራው ከዜሮ ይጀምራልና።

ሰውየው መርጋት ይችል እንደሆነ ማወቅ ለሚፈልግ ማስረጃው አለ። በ2016 ዲትሮይት የ3 ዓመት ውል ሰጠው፤ 3ቱንም ዓመት እዚያው ጨረሰ። በ2019 ዋሽንግተን የ2 ዓመት ውል ሰጠው፤ ሁለቱንም ጨረሰ። የሚረጋበት ሲሰጡት ረግቷል።

«ጎበዝ ቢሆን ማን ይለቀው ነበር?» ለሚሉም ፊላደልፊያ መልስ አላት። የክለቡ ሰዎች ይጫወትላቸው የነበረውን ስሚዝን በ2015 ክረምት ሳያስቀሩት ቀሩ። በታኅሣሥ ወር፣ 31 ጨዋታ አድርገው 1 ብቻ ባሸነፉበት ጊዜ፣ ሁለት የሁለተኛ ዙር የድራፍት ምርጫ ከፍለው ከኒው ኦርሊንስ መልሰው አመጡት። በቀሩት 51 ጨዋታዎች 9 ጊዜ አሸነፉ። አሁንም ደካማ ቡድን ነበር፤ ነገር ግን ኳሱን በሥርዓት ወደ ፊት የሚያደርስ ሰው በማጣት ሲሠቃይ የነበረ ቡድን እንደነበር ለማንም ግልጽ ሆነ። በነጻ የለቀቁትን ሰው በዋጋ የገዙት ለዚህ ነው። ያኔ የተሳሳተው ክለቡ ሆኖ ሳለ የማሊያው ቁጥር የተጻፈው በስሚዝ ስም ነው።

ገንዘቡን የሚያነሱም አሉ። አዎ፣ የኤንቢኤ ዝቅተኛ ደመወዝ እንኳ ብዙ ነው። በዚህ አልከራከርም። ሆኖም ለ10 ቀን ውል ከተማ የሚቀይር ተጫዋች ቤት አይከራይም፣ ልጁን ትምህርት ቤት አያስገባም፤ ከአንድ ክለብ ጋር ሁለት ጊዜ የ10 ቀን ውል ከፈረመ በኋላ ክለቡ ወይ እስከ ውድድሩ ፍጻሜ ያስፈርመዋል ወይ ያሰናብተዋል። ደመወዙ የሚከፈለው ለሥራው ነው። ስሙን የማጉደፍ መብት ለማንም አይሸጥም።

ስሚዝ በ2023 ከዴንቨር ጋር ሻምፒዮን ሆነ። ይህን እንደ ካሳ ማቅረብ ግን አልወድም፤ ዋንጫ ባያገኝም ክርክሬ ያው ነበር። የምጠይቀው ሁለት ነገር ነው። ጋዜጠኞች የክለቦቹን ብዛት ሲጽፉ ስንቱን ራሱ መርጦ እንደሄደ፣ ስንቱን ደግሞ ክለቦች እንደወሰኑለት ለይተው ይጻፉ። ሊጉና የተጫዋቾች ማኅበር በ2023 የተፈራረሙት ስምምነት እስከ 2029–30 የውድድር ዓመት የሚዘልቅ ነው። ማኅበሩ ለቀጣዩ ድርድር ሲቀመጥ ያቺን የ4 ዓመት ቅድመ ሁኔታ ያሰርዛት፤ በሊጉ 8 ዓመት ያገለገለ ሰው፣ የትም ይጫወት የት፣ አንድ ጊዜ እንኳ «አልሄድም» የማለት መብት ይኑረው።