«ዳይፐራም» ለምትሉ ሁሉ

እስቲ ንገሩኝ። «ዳይፐራም» ብላችሁ የሰደባችሁት ሰው ምን አድርጓችሁ ነው?

ጠየቅኩ እንጂ መልሱንስ አውቀዋለሁ። ወጣቱ ስብሰባ ላይ ተነሥቶ ከአለቃው የተለየ ሐሳብ ተናገረ፤ ዳይፐራም ተባለ። ገና ዳይፐሩን ያላወለቀ ማለታችሁ ነው። ሰባ ያለፋቸው ሰውዬ ወንበሬን አልለቅም አሉ፤ እሳቸውም ዳይፐራም ተባሉ። ተመልሰው ዳይፐር ውስጥ የገቡ ማለታችሁ ነው። አጥቂው ትከሻውን ነካ ሲያደርጉት ሣር ላይ ተንከባለለ፤ ዳይፐራም። ሾፌሩ አደባባይ ላይ ቆም ብሎ መንገድ ሰጠ፤ ከኋላው ያለው ባለሚኒባስ አንገቱን በመስኮት አውጥቶ፣ ዳይፐራም! ሚስቱን ሳያማክር ቃል የማይሰጥ ባል፣ ዳይፐራም። ፈሪ፣ ልጅ፣ ጃጅ፣ ልፍስፍስ፣ ጥገኛ፤ አምስት ስድብ በአንድ ዋጋ። ከሆዳምና ከንፍጣም ጎን አንድ የፈረንጅ ዕቃ ሰክተን አዲስ ቃል ወለድን። ተሳሳቅንበት። ቃሉን የፈጠረውንም ቡና ጋበዝነው።

ያስቃል፣ አልክድም። ጆሮ ላይ ጥሩ ይወድቃል። እኔም ስድብ አልጠላም፤ ስድብ የሌለበት አማርኛ ጨው የሌለው ወጥ ነው። ስለዚህ የጨዋነት ስብከት ልሰብክ ነው ብላችሁ አትስጉ። የምጠይቀው ሌላ ነው፤ ከሳቁት መካከል አንድ ሰው ዘግይቶ የሳቀ አልነበረም?

ነበረ። አላያችሁትም እንጂ ነበረ።

አምስት ልጅ የወለደችው የሥራ ባልደረባችሁ ነበረች። ስታስነጥስ፣ ስታስል፣ ደረጃ ስትወጣ ጠብ ይልባታል። ስትስቅም። አዎ፣ ስትስቅም! የወሊድ ብዛት ፊኛን ደግፎ የሚይዘውን ጡንቻ ሲያላላው የሚመጣ ነገር ነው፤ የትኛዋም አዋላጅ ነርስ ታውቀዋለች። እናንተ ቀልዱን ስትጥሉ እሷ እግሯን አጣምራ፣ ጥርሷን ነክሳ፣ ቀሚሷን እየፈራች ትስቃለች። በቀልዳችሁ አረጠባችኋት፤ በዚያው ቀልድ ደግሞ እንደረጠበች እንዳትናገር አፏን ዘጋችሁት። ከዚህ የበለጠ የተዋጣለት ጭካኔ ታውቃላችሁ? እኔ አላውቅም።

አጎቴን ልንገራችሁ። ፕሮስቴታቸው አብጦ ሽንታቸው ድንገት ይመጣባቸው ጀመር። ምን ያደረጉ ይመስላችኋል? ሐኪም ዘንድ የሄዱ? ኧረ ወዲያ! ውኃ መጠጣት አቆሙ። ጠዋት ግማሽ ስኒ ሻይ፣ ከዚያ እስከ ማታ ምንም። የተጠራቀመው ሽንት ሲወፍር ፊኛን ይበልጥ እንደሚቆጠቁጥ፣ ውኃ የራቀው ሽማግሌ ተነሥቶ ሲቆም ራሱ እንደሚዞርና እንደሚወድቅ፣ ኢንፌክሽኑም በዚያው በር እንደሚገባ ማን ይንገራቸው? መጀመሪያ ቅዳሴ ቀረ፤ ረጅም ነውና። ቀጥሎ ሰንበቴ ቀረ። ከዚያ ለቅሶ። ለቅሶ የቀረ ሽማግሌ በእኛ አገር ምን እንደሚባል ታውቃላችሁ፤ ኮራ ይባላል። ኩራት! ሰውዬው ድንኳን ውስጥ መሐል ወንበር ላይ ተቀምጠው፣ በሰው ጉልበት ተከብበው፣ ሽንት ቤቱ የት እንደሆነ ጮክ ብለው መጠየቅ ስላቃታቸው ነው የቀሩት።

አንድ የአዋቂ ዳይፐር ይህን ሁሉ ይመልሰው ነበር። ሐኪም ዘንድ እስኪደርሱ ድረስ እንኳ። ሳመጣላቸው ግን ምን አሉኝ? «እኔን ዳይፐራም ልታደርገኝ?» ይህን ቃል ማን አስተማራቸው? እናንተ ናችሁ። የልጅ ልጆቻቸው ሳሎን ውስጥ ኳስ እያዩ ሲጮኹት የሰሙት ነው።

ከዚያ ደግሞ እኛው ነን «እኛ ኢትዮጵያውያን ሽማግሌ አክባሪዎች ነን» የምንለው። ዘመን መለወጫ ሲመጣ ጉልበት እንስማለን። ምርቃት እንቀበላለን። ፎቶ እንነሣለን። ከተሳመው ጉልበት አንድ ስንዝር ከፍ ብሎ ባለው ነገር ግን እንስቃለን። ሽማግሌን የምናከብረው እስከ ጉልበቱ ድረስ ብቻ ነው እንዴ?

ፋርማሲ ሂዱና እዩ። የአዋቂ ዳይፐር የሚገዛ ሰው ተራው ሲደርስ ወደ ኋላ ይቀራል፤ ሰው እስኪወጣ የጥርስ ሳሙና ያገላብጣል። ከዚያ ጠጋ ብሎ በሹክሹክታ ይጠይቃል። ሻጯ ቀና ብላ፣ እስከ በሩ በሚሰማ ድምፅ፣ «ለማን ነው? ለአዋቂ ነው?» ትላለች። ከዚያ ጥቁር ፌስታል። ያውም ድርብ። ቪያግራ የሚገዛው ሰውዬ እየተጀነነ ይወጣል፤ የእናቱን ገላ ደረቅ ሊያደርግ የመጣው ልጅ እንደ ሌባ ግድግዳ ታክኮ ይሄዳል። ይህን የገለበጠብን ማን ነው?

ዋጋው ደግሞ ሌላ እሳት ነው። እሱ ላይ ብዙ አልልም፤ ልጅ ያሳደገ ሁሉ ያውቀዋል። አንዱን ዳይፐር ቀኑን ሙሉ የሚያቆዩ፣ በውስጡ ጨርቅ የሚያነባብሩ ቤቶች ሞልተዋል። እርጥብ የዋለ ገላ ይላጣል፣ ይቆስላል፤ አልጋ ላይ የዋለ ሰው ሲሆን ቁስሉ ሥጋ ድረስ ይዘልቃል። ስለ ስኳር ዋጋ የሚጮህ አፍ ስለዚህ አይናገርም። ለምን? ያፍራላ! የሚያሳፍር ዕቃ ሲወደድ የሚጮህለት የለም፤ ነጋዴውም ይህን ከማንም በላይ ያውቀዋል።

አሁን ወደ ፊስቱላ። እዚህ ላይ ቀልዱ ካላቆመ የትም አያቆምም።

ምጥ ለቀናት ሲቆይ የሕፃኑ ራስ የእናቲቱን ሥጋ ከአጥንት ጋር አጣብቆ ይይዘዋል፤ ደም የራቀው ሥጋ ይሞታል፣ ይበሳል። ከዚያ በኋላ ሽንት በራሱ ጊዜ ይፈስሳል፤ አንዳንዴም ሰገራ። ሕፃኑ አብዛኛውን ጊዜ ሞቶ ይወለዳል። ባል ይሄዳል። ጎረቤት አፍንጫውን ይይዛል። ዶክተር ካትሪን ሃምሊንና ባለቤታቸው ዶክተር ሬጂናልድ እ.ኤ.አ. በ1959 ወደዚህ አገር መጥተው፣ በ1974 የአዲስ አበባ ፊስቱላ ሆስፒታልን ያቋቋሙት ለእነዚህ ሴቶች ነው። ከዚያ ወዲህ ከ60 ሺህ በላይ ሴቶች ታክመዋል። ከታካሚዎቹ አንዷ ወይዘሮ ማሚቱ ጋሼ ነበሩ፤ ፊደል ሳይቆጥሩ ቀዶ ሕክምናውን ከሃምሊኖች እጅ ተምረው፣ ዲግሪ የደረደሩ ሐኪሞችን ለማሠልጠን የበቁ ሴት። ሙሉ በሙሉ መዳን ላልቻሉት ደግሞ ደስታ መንደር ተሠራላቸው። ቁስሉን የሚሰፋ እጅ አገር ውስጥ አለ። ጎጆዋ ውስጥ ተሸሽጋ ዓመታት የምትቆጥረዋን ሴት ከበሩ የሚያግዳት ግን መንገዱ ብቻ ነው? ድህነቱ ብቻ ነው? በሩን ከከፈተች የሚጠብቃት ሳቅስ?

«እኛ እሷን አላልንም» በሉኝ አሁን። እንደዚያ እንደምትሉ አውቃለሁ። እናንተ ያላችሁት ባለሥልጣኑን ነው፣ አጥቂውን ነው፣ ባለመኪናውን ነው። ግን ስድቡ ስድብ የሚሆነው እኮ ገላው የሚያፈስስ ሰው ከሰው በታች ነው ብላችሁ ስላመናችሁ ብቻ ነው። ያ እምነት ባይኖር ቃሉ ምን ይነክሳል? ባለሥልጣኑን የመታችሁት በእሷ ነው። ዱላችሁ እሷ ናት። ባለሥልጣኑማ አልተሰማውም፤ ቤቱ ሁለት መታጠቢያ አለው።

እንቀጥል፤ ገና አልበረደልኝም።

ይህ አገር በምን እንደሚበላ ታውቃላችሁ? በከፊል በዳይፐር ነው። ቤይሩት ያለችው እህታችሁ፣ ሪያድ ያለችው የአክስታችሁ ልጅ፣ በአሠሪዋ ፓስፖርቷን ተነጥቃ የምትሠራው ምን ይመስላችኋል? ወጥ ብቻ የምትሠራ ይመስላችኋል? የሰው አሮጊት ታነሣለች፣ ታጥባለች፣ ታገላብጣለች፣ ዳይፐር ትቀይራለች። ሌሊት ሁለቴ ተነሥታ። ሜሪላንድና ቨርጂኒያ ያለው ወንድማችሁስ? እዚህ ሲመጣ መነጽር ሰክቶ «ሜዲካል ፊልድ ነኝ» የሚለው? እንደ እሱ ካሉት ብዙዎቹ ነርሲንግ ሆም ውስጥ፣ ሰው ቤት ውስጥ፣ የማያውቁትን አሜሪካዊ አዛውንት ገላ እያጠቡ ነው ያችን ሃዋላ የሚልኩት። ክቡር ሥራ ነው። ከብዙዎቻችን ሥራ በላይ ክቡር ነው። ታዲያ ለምን ስሙን ይሸሽጋሉ? እናንተን ስለሚያፍሩ ነው። በላኩላችሁ ብር በገዛችሁት ስልክ ላይ ሆናችሁ «ዳይፐራም» ብላችሁ ስለምትስቁ ነው።

እዚሁ ቤታችሁስ? አያትየውን የሚቀይራቸው ማን ነው? ልጆቻቸው? አትቀልዱ። ከገጠር የመጣችው ሠራተኛ ናት፤ የአሥራ ሰባት ዓመት ልጅ፣ ጓንት እንኳ ያልተገዛላት። ማታ እንግዳ ሲመጣ «አባባን እኛ ነን የምንጦራቸው» የሚለው ደግሞ ልጅየው ነው። መጦር ማለት ለካ ሌላ ሰው ሲጠርግ ሶፋ ላይ ሆኖ ማየት ኖሯል!

ወንድነት ነው የጨነቃችሁ? ይኸውላችሁ ወንድ። አላን ሼፐርድ፣ ጠፈር የወጣው የመጀመሪያው አሜሪካዊ፣ እ.ኤ.አ. በግንቦት 1961 ሮኬቱ አናት ላይ ሰዓታት ታስሮ ጠበቀ። በረራው የ15 ደቂቃ ስለነበር ለሽንቱ ያሰበለት መሐንዲስ አልነበረም። መጨረሻ ላይ አስፈቅዶ ልብሱ ውስጥ ሸና። ሸንቶም ሄደ፣ ጀግና ተብሎ ተመለሰ። (በዚያው ዓመት ነው ፓምፐርስ አሜሪካ ገበያ ላይ የወጣው፤ አጋጣሚ ነው፣ ግን ደስ ይለኛል።) ዛሬ ከመንኮራኩር ወጥቶ ባዶ ጠፈር ላይ ስድስት ሰባት ሰዓት የሚሠራ ጠፈርተኛ ሁሉ በልብሱ ሥር ዳይፐር ለብሷል። አደባባይ ላይ መንገድ የሰጠውን ሾፌር ዳይፐራም ያልከው አንተ ባለሚኒባስ፣ ከምድር ምን ያህል ርቀህ ታውቃለህ?

ጃፓን ውስጥ ኦጂ የተባለው ግዙፍ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ2024 ለአገር ውስጥ ገበያ የሕፃናት ዳይፐር መሥራት እንደሚያቆምና በአዋቂዎቹ ላይ እንደሚያተኩር አስታወቀ። ሕፃን የለማ፤ ሽማግሌው ነው የበዛው። እኛ የወጣት አገር ነን ብለን እንኩራራ ይሆናል። ስኳርና ደም ግፊት ግን በየቤቱ ገብቷል፤ ስትሮክ ዕድሜ አይጠይቅም፤ የዛሬው ወጣት ደግሞ ነገ ያረጃል። ተራው የማይደርሰው ማን ነው? በልጅነቱ የሚሞት ብቻ።

አፍ ሲያመልጥ ራስ ሲመለጥ አይታወቅም ይላል ያገራችን ሰው። ፊኛ ሲያመልጥ ግን ይታወቃል፤ ባለቤቱ ያውቃል፣ ይደነግጣል፣ ይለውጣል፣ ይታጠባል። አፉ ያመለጠውስ? ይዞት ይዞራል። መቋጠሪያ የሚያስፈልገው ታዲያ የትኛው ነው?

ፈሪውን ፈሪ በሉት፤ አማርኛ የፈሪ ስም አጥቶ አያውቅም። ሥልጣን የሙጥኝ ያለውን በሥራው ስደቡት፤ በሰረቀው፣ በዋሸው፣ ባፈረሰው። ለዚህ ስድብ ካጠራችሁ ወደ እኔ ኑ፤ ያለኝን አልሰስትም። ሰው ባደረገው ሲሰደብ ፍርድ አለበት። ሰው በፊኛው ሲሰደብ ግን ምን ያርግ? ይታረም? እንዴት ብሎ?

ብዙዎቻችሁ ይህን ስታነቡ ራሳችሁን እየነቀነቃችሁ እንደሆነ አውቃለሁ። ቤታችሁ ጥቁር ፌስታል አለ። አልጋ ሥር ተገፍቷል። ነገ ሻይ ቤት ቃሉ ሲወረወር ግን እንደ ወትሮው ፈገግ ትላላችሁ፤ አትሳቁ የሚል መሆን ያስፈራላ።

እኔ በበኩሌ በሚቀጥለው የዕድር ስብሰባ እጄን አወጣለሁ። ድስቱ፣ ድንኳኑ፣ ወንበሩ ተቆጥሮ ሲያበቃ፣ ለቅሶ ቤት ሁሉ ለሽማግሌዎች ቅርብ የሆነ ሽንት ቤት ይዘጋጅ፣ የት እንዳለም ድንኳኑ በር ላይ ይጻፍ፣ አልጋ ላይ ለዋለ አባል የዳይፐር መግዣ ከዕድሩ ሣጥን ይቆረጥ እላለሁ። ከኋላ የሚስቅ አይጠፋም። ይሳቅ። ገንዘብ ሰብሳቢ ሲመረጥ የምጠቁመው እሱን ነው።